ባዘቶ የመሰለው አባ ጨጓሬ

ራቢዓ ጥጥ ፈታይ ናት። ቤቷ ከሸዋ ሮቢት ከተማ ጥቂት ወጣ ብሎ፣ የደሴው አስፋልት የማሾና የሽንኩርት ማሳውን ለሁለት ከፍሎ ወደ ሰሜን ከሚዘልቅበት አጠገብ ነው። ዛሬ ዛሬ በዚያ ሰፈር እንዝርት የሚያሾር እጅ እምብዛም አይገኝም። ክር ተጠቅልሎ ከሱቅ ይመጣል፤ ሽርጡም ፎጣውም በፌስታል ታሽጎ ገበያ ላይ ይዘረጋል። ራቢዓ ግን እናቷም አያቷም ፈታይ ነበሩና፣ እንዝርቷን አስቀምጣ እጇን አጣጥፋ የምትቀመጥበት ቀን ታይቷት አያውቅም። አያቷ ስትፈትል በአርጎብኛ ታንጎራጉር ነበር። ራቢዓ ከቃሉ የምታውቀው ጥቂቱን ነው፤ ዜማውን ግን እንዝርቱ መሾር ሲጀምር ሳታስበው ታንጎራጉረዋለች።

የፈተለችውን የሚወስድላት ሙሄ የሚባል ሽማግሌ ሸማኔ ነው። ሙሄ «በዚህ ቆላ የእጅ ፈትል ያልሆነ ልብስ ላብ አይጠጣም» ባይ ነው። በየጊዜው እየመጣ ልቃቂቷን ይወስዳል፣ ጥጥ ያመጣላታል፣ ጥላ ሥር አረፍ ብሎ ስለ ሙቀቱ ያማርርና ይሄዳል።

ባሏ ከሞተ ወዲህ ራቢዓ የምትኖረው ብቻዋን ነው። ሲሃም የምትባል አንድ ልጅ አለቻት፤ ያገባችው አጣዬ ነው። አጣዬ በተቃጠለች ጊዜ የሲሃም ቤትና የባሏ የልብስ ስፌት ሱቅ አብረው ነደዱ። ባልና ሚስቱ ለብሰውት የወጡትን ልብስ ብቻ ይዘው እናትየው ቤት መጥተው ከረሙ። ከዚያ ተመልሰው አመዱን ጠረጉና እንደገና መሥራት ጀመሩ። እጃቸው ላይ ሲገኝ ማገር ያቆማሉ፣ ሳይገኝ ይጠብቃሉ። ሲሃም ስልክ በደወለች ቁጥር የምታወራው ስለ ቆርቆሮና ስለ ሚስማር ስለሆነ፣ ራቢዓ ከሩቅ ሆና የዚያን ቤት እያንዳንዷን ግድግዳ ታውቀዋለች።

ዓይኗ ላይ ጉም የመሰለ ነገር መውረድ የጀመረው በዚያው ሰሞን ነበር። መጀመሪያ የምድጃው ጭስ ነው ብላ ተወችው። ቀጥሎ የአስፋልቱ አቧራ ነው ብላ ጠዋት ጠዋት በቀዝቃዛ ውኃ ታጥበው ጀመር። ጉሙ ግን ቀን በቀን ወፈረ። የሰው ፊት መጀመሪያ ቅንድቡን አጣ፣ ከዚያ ዓይኑን፣ ኋላ ላይ ሰው ሁሉ ጥላ ብቻ ሆነ። ያኔ ገባት። አጎቷ ያሕያ በስተርጅና ዘንግ እየጎተተው ሲሄድ አይታለች፤ የቤተሰቡ ነገር መሰላትና «እንግዲህ አላህ ያመጣው ነው» ብላ ዝም አለች።

ለማንም ያልነገረችው ስለ ሲሃም ብላ ነው። ልጇን ታውቃታለች። «የእናቴ ዓይን ጠፋ» የሚል ቃል ከሰማች መዶሻውን ጥላ፣ ባሏን ትታ፣ በመጀመሪያው ሚኒባስ ትመጣለች፤ ከመጣች ደግሞ አትመለስም። «ቤቷን ትጨርስ፤ ያኔ እነግራታለሁ» አለች ለራሷ። ቤቱ ደግሞ አያልቅም።

መደበቁን ተካነችበት። ጎረቤቷን ስንታየሁን በጫማዋ መጎተት ታውቃታለች፤ ሙሄን በሳሉ። ሻይ ስትቀዳ ጣቷን በብርጭቆው ጠርዝ ላይ ታሳርፋለች። ገበያ ስትሄድ «ወገቤን ያዝ አድርጎኛል» ብላ የስንታየሁን ክንድ ትይዛለች። አልፎ አልፎ ታዲያ ይበላሽባት ነበር። አንድ ቀን አጥር ላይ የተሰጣ ጋቢ ሰው መስሏት ሁለት ጊዜ «አሰላሙ አለይኩም» ብላ፣ መልስ ስታጣ ተቀይማ ቤቷ ገባች። ማን እንደሆነ ለማወቅ ስትጨነቅ ሰነበተችና፣ ነገሩ ሲገባት ብቻዋን በሳቅ ፈረሰች።

መፍተሉ ግን ከበፊቱም ቀለላት። ጥጡን መዳመጡ፣ በደጋን መንደፉ፣ ባዘቶውን ጠቅልሎ ሰፌድ ላይ መደርደሩ ዓይን አይፈልግም። ክሩ ሲቀጥን ጣቷ ይነግራታል፣ ሊበጠስ ሲልም ጣቷ ቀድሞ ያውቃል። ከዓይኗ የጎደለው ሁሉ ወደ እጇ የወረደ መሰላት።

ነገሩ እንዲህ ሊቀጥል ይችል ነበር፤ በመስከረም ማብቂያ ላይ አባ ጨጓሬው ባይወድቅ ኖሮ።

ደጇ ላይ ትልቅ ዋንዛ አለ። ሙቀቱ ሳይበረታ፣ ረፋዱ ላይ፣ ቁርበቷን እዚያ ሥር አንጥፋ ትፈትላለች። በዚያ ዓመት ዝናቡ ዘግይቶ ነበርና ክረምቱ ሲወጣ ዛፉን አባ ጨጓሬ ወረረው። እንዲህ ያለ አባ ጨጓሬ በየዓመቱ የሚመጣ አይደለም፤ ሲመጣ ግን በብዛት ነው። እንደ ሌላው ጥቁርና ጎርበጥባጣ አይደለም። ነጭ ነው፤ ረጅም ፀጉሩ ከላይ እስከ ታች ስለሚሸፍነው እግሩም ራሱም አይታይም። የሰፈሩ ሰው አይቶ ሸሽቷል፤ ስንታየሁም ፓፓያ የምትሸጥበትን መደብ ከዛፉ ጥግ ወደ መንገዱ አርቃለች። ራቢዓ «አባ ጨጓሬ በዝቷል» ሲባል ሰምታ «ነፍስ ያለው ሁሉ ይበላ እንጂ» ብላ አልፋዋለች። የምታውቀው ጥቁሩን ነው፤ ጥቁሩ ቢነካት ትንሽ ያሳክካታል እንጂ ሌላ ምን ያደርጋል?

ያን ቀን ነፋስ ነበር። ቅጠል ሰፌዷ ላይ ሲወድቅ እየሰማች በእጇ ጠረግ ጠረግ ታደርጋለች። የያዘችው ባዘቶ አለቀና ሌላ ልታነሣ እጇን ሰደደች። ያገኘችው ለስላሳ ነበር። እጅግ ለስላሳ። ዕድሜዋን በሙሉ ጥጥ ስትነካ እንዲህ ያለ አልገጠማትም፤ ደስም አላት። «ጋሼ ሙሄ ዛሬስ ከየት ያመጡት ጥጥ ነው?» ብላ በልቧ አመሰገነችና፣ ፈታይ እንደሚያደርገው በአውራ ጣትና በሌባ ጣቷ መሐል ይዛ ጨመቅ አድርጋ ሳበችው።

ባዘቶው ተላወሰ።

ቀጥሎ የመጣውን ራቢዓ እስከ ዛሬ ስትናገር ፊቷ ይጨማደዳል። የጋለ ሚስማር ጣቷ ውስጥ የገባ መሰላት፤ ከአንድ ሚስማር ደግሞ ብዙ ሚስማር። ሕመሙ በጣቷ አላቆመም፤ በክንዷ ውስጥ እንደ ፈላ ዘይት እየወጣ ብብቷ ሥር ደርሶ ተቋጠረ። ሰፌዱ ተገለበጠ፣ እንዝርቱ ተንከባለለ።

«ያ ረቢ! ስንታየሁ! ድረሽልኝ! ስንታየሁ!»

ስንታየሁ የፓፓያ ቢላዋዋን እንደያዘች እየሮጠች ደረሰች። እባብ ነበር የመሰላት። «የታለ? በየት ገባ? እመቤቴን፣ እትዬ ራቢዓ፣ የት ጋ ነው የነደፈዎት?»

«ጥጡ ነው! ጥጡ አቃጠለኝ!»

ስንታየሁ ጎንበስ ብላ ቁርበቱን አየች። ከባዘቶው ጋር ነጩ ነገር ቀስ እያለ ይሳባል። «በስመ አብ! ምን ጥጥ ነው፣ አባ ጨጓሬ እኮ ነው!» አለች። በቢላዋዋ ጫፍ አንሥታ ወረወረችውና ቀና ብላ የራቢዓን ፊት አየችው። «ቁልጭ ብሎ እየታየ እንዴት በእጅዎ ያዙት?»

ራቢዓ ያን ጥያቄ ከሕመሙ እኩል ፈራችው። «ሐሳቤ ሌላ ቦታ ነበር» አለች። ስንታየሁ የራቢዓን እጅ ይዛ አየች። ጣቷ ቀልቶ ማበጥ ጀምሯል፤ ራቢዓም ላብ አጥምቋት፣ ሊያስመልሳት እየቃጣት ነው። ስንታየሁ አስፋልቱ ዳር ወጥታ ባጃጅ አስቆመችና ደግፋ ጫነቻት።

ጤና ጣቢያው ውስጥ የተቀበለቻቸው ኑርሃን የምትባል ወጣት ነርስ ናት። ነገሩን ከስንታየሁ ሰማችና አልሳቀችም። የራቢዓን ጣት በብርሃን በኩል አዙራ አየች፤ ከዚያ ፕላስተር ቆርጣ በተነደፈው ቦታ ላይ ለጠፍ እያደረገች ቀስ ብላ ትነቅለው ጀመር።

«ምን እያደረግሽኝ ነው፣ ልጄ?»

«እሾሁን እያወጣሁልዎት ነው፣ እማማ። እንዳያሹት፤ ካሹት ይብስ ይገባል። ያ ለስላሳው ፀጉሩ አይደለም የሚወጋው። ከፀጉሩ ሥር ቀጫጭን እሾህ አለው፤ መርዙ ያለው እዚያ ውስጥ ነው። ሰው ፀጉሩን አይቶ ለመዳበስ ሲል ነው የሚያገኘው።» በሳሙና አጠበችላት፣ በረዶ በጨርቅ ጠቅልላ አስያዘቻት፣ መርፌም ወጋቻት። «ዛሬና ነገ ይነዘንዝዎታል፤ ብብትዎ ሥር ያበጠውም ይጠፋል። ትንፋሽ ካጠረዎት ግን ወዲያው ይምጡ።»

ሕመሙ ትንሽ ጋብ አለ። ራቢዓ አመስግና ልትነሣ ስትል ኑርሃን ክኒን ዘረጋችላት። ራቢዓ እጇን ዘረጋች፤ የዘረጋችው ግን ክኒኑ ወደሌለበት ነው። ኑርሃን እጇን ዝም ብላ ወደ ግራ ወሰደች። የራቢዓ እጅ በነበረበት ቀረ።

«እማማ፣ ይህ ስንት ጣት ነው?»

ራቢዓ ነገሩ ገባት። «የአንቺን ጣት ልቆጥር ነው እንዴ የመጣሁት? የእኔን ጣት አክሚ እንጂ!» አለችና ሳቀች።

ኑርሃንም ሳቀች፤ ግን አልለቀቀቻትም። አንዲት ትንሽ መብራት አብርታ ዓይኗን አየች፤ ጎንበስ ብላ ደጋግማ አየች። «ይህ የዓይን ሞራ ነው» አለች። «ሁለቱም ላይ አለ። ከመቼ ወዲህ ነው የማያዩት?»

 ስንታየሁ «ምን?» ስትል ተሰማት። ከዚያ ያ የታወቀ የጫማዋ መጎተት ቀረብ አለና እጇ ትከሻዋ ላይ አረፈ።

«ሞራ የሚገፈፍ ነገር ነው፣ እማማ» አለች ኑርሃን። «የዓይን ሐኪሞች በየጊዜው ወደ ሆስፒታሉ ይመጣሉ። ሲመጡ አስጠራዎታለሁ። የአንድ ቀን ሥራ ነው።»

ራቢዓ የሰማችውን አላመነችም። ሰው ለማጽናናት የሚናገረው ነው ብላ ነው የወሰደችው። ባጃጁ ውስጥ ወደ ስንታየሁ ዞራ «በልጆችሽ ይዤሻለሁ፣ ለሲሃም እንዳትነግሪያት» አለቻት።  ስንታየሁ «አልነግራትም። ግን እርስዎ ቢነግሯት ነው የሚሻለው» አለች። ከዚያ ትንሽ ቆይታ፣ «ለዚህ ነዋ ባለፈው ያንን ውርጋጥ ፍየል 'ና አብሽር' እያሉ በር የከፈቱለት!» አለች። ሁለቱም ሳቁ፤ ባጃጁን የሚነዳው ሰው ዞር ብሎ እስኪያያቸው ድረስ።

ቤት ከገባች በኋላ ግን ሳቅ ጠፋ። ቀኝ እጇ በፋሻ ተጠቅልሏል፤ ጣቷ ያበጠ ቃሪያ አክሏል። ያኔ ነው ራቢዓ የዓይኗን መጥፋት በእርግጥ ያወቀችው። ለካ እስከዚያ ቀን ድረስ የምታየው በእነዚያ ጣቶቿ ነበር። በግራ እጇ ሻይ ስትቀዳ ምንጣፉ ላይ ደፋችው። ክብሪቱን ስትፈልግ ስኳሩን ገለበጠች። በገዛ ቤቷ ውስጥ ከበርጩማ ጋር ተጋጭታ እግሯን አሳመመች። እንዝርቱን በግራ እጇ አንሥታ ሞከረች፤ አልሾር አላት። ቁጭ ብላ አለቀሰች።

ሙሄ የደረሰው በማግስቱ ከቀትሩ የዙህር ሶላት በኋላ ነው። በሩ ላይ ሳሉን ሰማችና ቶሎ ፊቷን ጠረገች። ሙሄ ከውጭ ሆኖ ሰላም አለ፣ ገብቶ ተቀመጠ፣ እጇን አየና ምን እንደሆነች ጠየቀ። አባ ጨጓሬውን ባዘቶ መስሏት እንደያዘችው ነገረችው፤ ሐሳቧ ሌላ ቦታ ስለነበረ።

ሙሄ ከንፈሩን መጠጠ። «ራቢዓ፣» አለ ቀስ ብሎ፣ «ባለፈው ዓመት ለዒድ ከፈተልሽልኝ ማግ ውስጥ የፍየል ፀጉር ነበረበት። ጥቁር ነው። ክንድ የሚያክል ሙሉ ክር።»

«የፍየል ፀጉር?»

«ከነጩ ጋር አብረሽ ፈትለሽዋል። ከዚያም ወዲህ ሰንበሌጡም ቅጠሉም አይጠፋበትም። እየለቀምኩ ነው የምሸምነው።»

ራቢዓ ፊቷ ጋለ። «እና ለምን አልነገሩኝም፣ ጋሼ ሙሄ?»

«አንቺስ ለምን አልነገርሽኝም?»

ውጭ የጭነት መኪና አለፈ። ድምፁ ከራቀ በኋላ ሙሄ እንደገና ተናገረ። «ፈትሉ እንደሆነ እጅግ ያማረ ነው። ቆሻሻውን ላለመልቀም ብዬ ያንን ማግ ልተወው?» አለ። «እኔ የማዝነው ሲሃም አለማወቋ ነው።»

«ቤቷን ሳትጨርስ እንዴት ልንገራት?»

«ታዲያ ሲያልቅ ሄደሽ ግድግዳውን በእጅሽ ልትዳብሺው ነው?»

  ሙሄ ከዚያ እህቱ ሞራዋን ተገፍፋ ዛሬ መርፌ ውስጥ ክር እንደምታስገባ፣ ሐኪሞቹም እንደማያሳምሙ፣ ስለ ሌላ ሰው እንደሚያወራ ዓይነት አወራና ልቃቂቱን ይዞ ሄደ።

ያን ቀን አመሻሹ ላይ ራቢዓ ስንታየሁን ጠርታ «ለሲሃም ደውይልኝ» አለቻት። ስልኩን ጆሮዋ ላይ ይዛ፣ ሰላምታውን አሳጥራ፣ አንድ በአንድ ነገረቻት፤ አባ ጨጓሬውን፣ ጣቷን፣ ነርሷን፣ ሞራውን።  

«ስንት ጊዜ ሆነሽ?» አለች ሲሃም።

«ከመጣችሁ ወዲህ ነው። እየቆየ ነው የባሰው።»

«እማ! እኛ እዚያ እያለን? እኔ አጠገብሽ ተኝቼ?» ሲሃም ጮኸች፣ ተቆጣች፣ ከዚያ ስታለቅስ ተሰማ። 

በማግስቱ ሚኒባሱ አስፋልቱ ላይ ሲቆም ሲሃም ወረደች። እናቷን አቅፋ ለረጅም ጊዜ አልለቀቀቻትም፤ ቀጥሎ ግን ወቀሳውን አልማረቻትም። «ቤቴ ሲቃጠል አንቺ ደረት ላይ ነው ያለቀስኩት። አንቺ ግን የራስሽን ደበቅሽኝ። እኔ ቤት እንጂ እናት መሥራት እችላለሁ?» አለች።  ራቢዓ «አውፍ በይኝ፣ ይቅር በይኝ፣ ልጄ» ብቻ አለች። ሲሃም አፍንጫዋን ጠርጋ ተነሣች፣ ያበጠችውን ጣት ሳመቻት፣ ከዚያ መጥረጊያ ፈለገች።

ኑርሃን ቃሏን ጠበቀች። ጥቅምት አጋማሽ ላይ የዓይን ሐኪሞች ሲመጡ አስጠራቻት። ሆስፒታሉ ደጅ ላይ ከቀወትም ከማጀቴም የመጡ አዛውንቶች በልጆቻቸው ክንድ ተይዘው ተሰልፈዋል። ራቢዓ እንደ ሙሽራ ታጥባ፣ ንጹሕ ሻሿን አስራ ገባች። በሐኪሙ ፊት ተጋድማ ሳለች ፈርታ ነበር፤ ያስፈራት ሕመሙ አልነበረም፤ ተስፋ ማድረጓ ነው። አንደኛው ዓይን ተሠራ፣ በፋሻ ተሸፈነ። ሲሃምና ስንታየሁ ተረዳድተው ወደ ቤት መለሷት።

ጠዋት ወደ ሆስፒታሉ ሲመለሱ ፋሻውን የፈታችላት ለእገዛ የመጣችው ኑርሃን ራሷ ናት። «ቀስ ብለው ይክፈቱት» አለቻት።

ራቢዓ ከፈተችው። መጀመሪያ የገባው ብርሃን ነው፤ ቀጥሎ ቢጫ ቀለም። እንዲህ ያለ ቢጫ አይታ የማታውቅ መሰላት። «ቢጫ!» ብላ ጮኸች። የነርሷ ሒጃብ ነበር። ኑርሃን የልጅ ፊት ያላት፣ ጉንጯ ላይ ሰርጉድ ያለባት ናት፤ በድምፅዋ ትልቅ ሴት አድርጋ ነበር የሳለቻት። ከዚያ ሲሃምን አየች። ልጇ ከስታለች፤ ከዓይኗ ዳር መስመር ወጥቷል፤ ከሻሿ ሥር አንዳንድ ሽበትም ብቅ ብሏል። ራቢዓ የልጇን ፊት በሁለት እጇ ይዛ ያንን ሁሉ መረመረች፤ «አልሐምዱሊላህ፣ አልሐምዱሊላህ» ትላለች እንጂ ሌላ ቃል አልወጣትም። ወደ በሩ ዘወር ስትል ደግሞ አንዲት ደልዳላ ሴት እንባዋን በነጠላዋ ትጠርጋለች።

«ይቺስ ማን ናት?»

«እትዬ ራቢዓ፣ እኔ ነኝ እኮ!»

«ስንታየሁ? ውይ፣ አንቺ! እንዲህ ወፍረሻል እንዴ?»

ተራ የሚጠብቁት ሕመምተኞች ሁሉ ሳቁ፤ ገና ያልተሠሩት ጭምር።

ቤቷ ስትገባ ግን ሳቁ ወደ እሷ ዞረ። ጣሪያው ጥግ ላይ ሲሃም ያልደረሰችበት የሸረሪት ድር አለ። ያ ነጭ ነው ብላ የምታስበው ግድግዳ ጠቁሯል። ሳጥኗን ከፍታ የዒድ ቀሚሷን አወጣች፤ እጅጌው ላይ ራሷ የጣፈችው ጨርቅ ደማቅ ቀይ ነው፤ ቀሚሱ አረንጓዴ። «ይህንን ለብሼ ነው ዒድ የሰገድኩት?» አለች። ስንታየሁ አንገቷን ደፋች። «አዲስ ፋሽን መስሎን ነበር» አለች። ራቢዓ አልጋው ላይ ተቀምጣ ሆዷን እስኪያማት ሳቀች።

ከዚያ ተነሥታ «ያንን ጠላቴን አሳዩኝ» አለች። ስንታየሁ ልቧ አልወደደውም፤ ግን ወደ ዋንዛው ወሰደቻት። አብዛኞቹ ከዛፉ ወርደዋል፤ ግንዱ ላይ፣ በቅርፊቱ ስንጥቅ ውስጥ፣ አንድ ዘግይቶ የቀረ አለ። ራቢዓ እጆቿን ከኋላዋ አጣምራ ጠጋ ብላ አየችው። ፀጉሩ ነጭ፣ ረጅም፣ መሐሉ ላይ እንደ ሴት ፀጉር የተከፈለ ነው። ነፋሱ ሲነካው ቀስ ብሎ ይተኛል፣ ተመልሶ ይቆማል። «ማሻአላህ» አለች ሳታስበው።

«ምን? ያንን ሁሉ አድርጎዎት?» አለች ስንታየሁ።

«እሱ ምን አደረገኝ? በሰላም ሲሄድ ልፈትለው የሳብኩት እኔ ነኝ» አለች ራቢዓ። «ደግሞ እሱ ባይነድፈኝ አንቺ መቼ ትጠይቂኝ ነበር? ያቺ ነርስስ መቼ ታየኝ ነበር?»

በቀጣዮቹ ወራት ሌላው ዓይኗም ተሠራ። አንድ ጠዋት የቤቷ ግድግዳ ላይ ከዚያ በፊት አይታው የማታውቀው የእሳት እራት አገኘች። ወፍራም፣ ክሬም ቀለም ያለው፣ እግሮቹ ሳይቀሩ በፀጉር የተሸፈነ ነው፤ ጋቢ ደርቦ ጥላ ሥር የተቀመጠ ሼህ ይመስላል። ኑርሃን ለክትባት ሥራ በሰፈሩ ስታልፍ አሳየቻት። ኑርሃን ያ አባ ጨጓሬ ሲያድግ የሚሆነው ይህ ሳይሆን እንዳልቀረ፣ ይኸኛው ግን እንደማይወጋ ነገረቻት። ያም ሆኖ ራቢዓ ጣቷን አልዘረጋችም፤ በዓይኗ ብቻ አየችው። በማግስቱ ሄዷል።

ዛሬም ትፈትላለች። ሰፌዷን በሻሽ ትሸፍናለች፤ መስከረም ሲያልቅ ደግሞ ቁርበቷን ከዛፉ ሥር አንሥታ በረንዳ ላይ ታነጥፋለች። ሙሄ ብቻ ነው ያማረረው። ዓይኗ ከበራ በኋላ የመጀመሪያውን ልቃቂት ሲቀበል በጣቶቹ መሐል አሻሸው፣ ወደ ፀሐይ አነሣው፣ ራሱን ነቀነቀ። «ቆሻሻ የለበትም» አለ። «ግን ወፈረ። ዙሪያውን እያየሽ ነው የምትፈትይው መሰለኝ።»

«ልይ እንጂ! ስንት ነገር አምልጦኛል፣ ጋሼ ሙሄ!»

ሙሄ ይህን ሲሰማ ሳቁ ወደ ሳል ተለወጠበት፤ ውኃ አቀበለችው።

የሲሃም ቤት አለቀ፤ ወይም ሲሃም እንደምትለው ለመኖር በቃ። የካቲት ውስጥ ራቢዓ በሚኒባስ ወደ አጣዬ ሄደች። መንገዱን ሙሉ በመስኮቱ እያየች ለአጠገቧ ተሳፋሪ ስትነግር ነው የደረሰችው፤ የማሽላ ክምሩን፣ ግመሎቹን፣ የሴቶቹን ሻሽ፣ አዲስ የተሠራውን ትምህርት ቤት። ሰውየው ይህንን መንገድ ዕለት ዕለት የሚመላለስ ነጋዴ ነው፤ መጀመሪያ ሰልችቶት ነበር፣ ኋላ ግን እሱም አብሯት ወደ ውጭ ማየት ጀመረ።

አጣዬ ስትደርስ አማቿ የቀለም ቆርቆሮ ይዞ በሩ ላይ ቆሟል። በሩ ገና አልተቀባም። ሲሃም ሰማያዊ ትላለች፣ ባሏ ቡናማ ይላል፤ ክርክሩ ሳምንት አልፎታል። «እማ ትፍረድልን» አሉ ሁለቱም።

ራቢዓ ሻንጣዋን አስቀመጠች። ጥቂት ወደ ኋላ ሄደች፣ ግድግዳውን አየች፣ ሰማዩን አየች፣ ጎረቤቶቹ የቀቧቸውን በሮች አንድ በአንድ አየች። ሁለቱም ትንፋሻቸውን ይዘው ጠበቋት።

«አረንጓዴ» አለች።

«አረንጓዴ ማንም አላለም እኮ!» አለች ሲሃም።

«እኔ አልኩ። ደግሞ ደማቅ ይሁን፣ ከአስፋልቱ የሚታይ።» በርጩማ አስመጥታ ጥላው ውስጥ ተቀመጠች። አማቿ እያጉረመረመ ወደ ሱቅ ሄዶ አረንጓዴውን ቀለም ይዞ ተመለሰና መቀባት ጀመረ። ራቢዓ ሻይዋን እየጠጣች ቀለሙ ያልደረሰበትን ቦታ በጣቷ ታሳየው ነበር።